42 ሊትር ሲባል ስንት ነው?

  የዛሬው ርእሳችን የቤት መኪና የነዳጅ ታንክና የነዳጅ አቀዳድ ነው። ለምሳሌ የምይዘው ቪትዝን ነው፤ አዲስ አበባ ውስጥ ቪትዝን የማያውቅ የለምና። ነገሩ ግን ለያሪስም፣ ለኮሮላም፣ ለዲዛየርም ይሠራል።

በጥያቄ ልነሣ። መኪናችሁ ሲሞላ ስንት ሊትር ይይዛል? ስንት ብር ይፈጃል አላልኩም፤ የብሩ መልስ የነዳጅ ዋጋ በተስተካከለ ቁጥር ይለወጣል። የጠየቅሁት ሊትሩን ነው። ብዙ ሹፌር የጎማውን ቁጥርና የዘይቱን ዓይነት ጠንቅቆ ያውቅና እዚህ ላይ ሲደርስ «አርባ ምናምን መሰለኝ» ይላል። «የ1,000 ብር ቅዳልኝ» ማለት ስለለመድን ሊትሩን ማንም አይጠይቀንም። እኔ ግን ይህን ቁጥር ሹፌር በነፃ የሚያገኘው መሣሪያ ነው እላለሁ። ካወቃችሁት ማደያ ላይ የተሳሳተ ሂሳብ ትለያላችሁ፣ ከመንገዱ የት ድረስ እንደምትዘልቁ ትገምታላችሁ፣ መኪናው ከልኩ በላይ መብላት ሲጀምርም ከመካኒኩ ቀድማችሁ ትደርሱበታላችሁ።

እ.ኤ.አ. በ1999 ገበያ ላይ የዋለው የመጀመሪያው ቪትዝ 45 ሊትር ይይዛል። ከ2005 ጀምሮ የመጣው ሁለተኛው ትውልድ ወደ 42 ወረደ፤ ሦስተኛውም እዚያው 42 ላይ ቆየ። ከ2017 ወዲህ የተሠራው ሱዙኪ ዲዛየር 37 ሊትር ነው። ኮሮላ እንደ ሞዴሉና እንደተሠራለት አገር 50 ወይም 55 ይሆናል። የራሳችሁን ለማረጋገጥ ከመኪናው ጋር የመጣውን መመሪያ መጽሐፍ የመጨረሻዎቹን ገጾች ግለጡ፤ የዘይቱና የራዲያተሩ ውሃ መጠን በተጻፈበት ሰንጠረዥ ውስጥ ታገኙታላችሁ። መጽሐፉ ከሌለ፣ ወይም በጃፓንኛ ከሆነ፣ የሞዴሉን ኮድ ከኮፈኑ ሥር ካለው ሳህን ላይ አንብባችሁ መለዋወጫ የሚሸጡትን ጠይቁ።

የዕድሜ ባለጠጋ አድማጮቻችን ቮልስዋገንን ያስታውሳሉ፤ ዛሬም በየሰፈሩ አይጠፋም። እ.ኤ.አ. እስከ 1960ዎቹ መጀመሪያ የተሠሩት ቮልሶች የቤንዚን ጌጅ የሚባል ነገር አልነበራቸውም። ሞተሩ መንተፋተፍ ሲጀምር ሹፌሩ ከእግሩ ዘንድ ያለችውን መዘውር ያዞራል፤ የቀረው መጠባበቂያ 5 ሊትር ያህል ነው። ያ ሹፌር የታንኩን ልክና የተጓዘውን ኪሎ ሜትር በጭንቅላቱ ይዞ ነበር የሚነዳው። ሰማያዊና ነጭ ቀለም የተቀቡት የላዳ ታክሲዎች ሰልባትዮ፣ ማለትም የነዳጅ ታንካቸው፣ ደግሞ ከኋላ ሻንጣው ውስጥ በቀኝ በኩል የቆመ ባለ 39 ሊትር ነበር፤ ባለታክሲዎቹ ያንን ቁጥር እንደ ስማቸው ያውቁት ነበር። ጌጁ ሲመጣ ቁጥሩን መያዝ ተውን፤ የተውነውን መልሰን ብንይዘው ነው የምመኘው።

እሺ፣ 42 ሊትር ማለት ታንኩ እስከ አፉ ድረስ ሲሞላ ማለት ነው? አይደለም። ፋብሪካው 42 ብሎ ሲጽፍ በአግባቡ ሲሞላ የሚይዘውን ነው የሚጽፈው። ከዚያ በላይ ሆን ተብሎ የተተወ ባዶ ቦታ አለ። ከመሙያው አፍ እስከ ታንኩ ድረስ የሚሄደው ቱቦም ጥቂት ይይዛል። ስለዚህ አንድ ሰው ቪትዙ ውስጥ ግድ ካለ 44 ወይም 45 ሊትር ሊያስገባ ይችላል። ጥያቄው ይገባል አይገባም ሳይሆን፣ ያ ባዶ ቦታ ለምን ተተወ የሚለው ነው።

ቤንዚን ሙቀት ሲያገኝ ይሰፋል። ሙቀቱ 10 ዲግሪ ሴንቲግሬድ በጨመረ ቁጥር መጠኑ ወደ 1 ከመቶ ያህል ያድጋል። ትንሽ ይመስላል፤ እስቲ ከመንገዳችን ጋር እናያይዘው። አንድ ሰው በጥቅምት ንጋት፣ በአዲስ አበባ ብርድ፣ ቪትዙን ጢም አድርጎ ሞልቶ ወደ አዋሽ ወረደ እንበል። አዲስ አበባ ከባሕር ወለል በላይ ከ2,300 ሜትር በላይ ናት፤ አዋሽ 900 ሜትር አካባቢ ነው። እዚያ ደርሶ ምሳ ሊበላ ፀሐይ ላይ ሲያቆመው የታንኩ ሙቀት 25 ዲግሪ ቢጨምርስ? መንገድ ላይ የተቃጠለውን ትተን፣ 42 ሊትሩ ከየትም ሳይቀዳ 43 ሆነ። ያ አንድ ሊትር የሚሄድበት ይፈልጋል። እንስራ ጠላ እስከ አፉ እንደማይሞላው ሁሉ ሰልባትዮም እስከ አፉ አይሞላም።

ቦታ ካላገኘ የት ይሄዳል? እዚህ ላይ ብዙ ሰው የማያውቀው አንድ ዕቃ አለ፤ ካኒስተር ይባላል። ከታንኩ አጠገብ ወይም ከኮፈኑ ሥር የሚገኝ፣ ውስጡ በተፈጨ ከሰል የተሞላ ጥቁር ፕላስቲክ ሣጥን ነው። ሥራው የቤንዚኑን ትነት መያዝ ነው። መኪናው ቆሞ ሳለ ከታንኩ የሚወጣውን ትነት ከሰሉ ይመጠዋል፤ ሞተሩ ሲነሣ ትነቱ ወደ ሞተሩ ተስቦ ይቃጠላል። በዚህ መንገድ ቤንዚኑ አየር ላይ አይባክንም፣ ጎረቤትም አይሸተውም። ከሰሉ የተዘጋጀው ግን ለትነት ነው። ከልክ በላይ ስትሞሉ ፈሳሹ ቤንዚን ራሱ ወደዚያ ሣጥን ይገባል፤ ከሰሉ ይርስና አገልግሎቱ ያበቃል። ምልክቱም፣ ነዳጅ ከተቀዳ በኋላ ሞተሩ አልነሣም ማለት፣ ሲነሣ መንቀጥቀጥ፣ መኪናው ውስጥ የማይለቅ የቤንዚን ሽታ፣ አንዳንዴም የቼክ ኢንጂን መብራት ነው። ባለቤቱ ካንዴላ ያስቀይራል፣ ፊልትሮ ያስቀይራል፤ የችግሩ ምንጭ ግን ማደያው ላይ የተጨመረችው «ትንሽ» ናት።

ይህን ለመከላከል ምንም መግዛት አያስፈልግም፤ መቅጃው ራሱ ይነግራችኋል። አንድ ቀን ቀጂውን ፈቃድ ጠይቃችሁ የመቅጃውን አፍ ጫፍ ቀረብ ብላችሁ እዩት። ከታች በኩል የእርሳስ ጫፍ የምታክል ቀዳዳ አለች። ከቀዳዳዋ የተነሣ ቀጭን ቱቦ በመቅጃው ውስጥ አልፎ እጀታው ድረስ ይመጣል። ቤንዚኑ ሲፈስ በዚያች ቀዳዳ አየር ይስባል። ታንኩ ሞልቶ ቤንዚኑ ቀዳዳዋን ሲደፍናት አየሩ ይቋረጣል፤ የአየሩ መቋረጥ እጀታው ውስጥ ያለችውን ስስ ሽፋን ይስባታል፤ ያኔ መንጠቆው ይለቅና «ቀጭ» ይላል። ኤሌክትሪክ የለበት፣ ኮምፒውተር የለበት። ይህን ያሰበ ሰው ምስጋና ይገባዋል።

የመጀመሪያው «ቀጭ» ታንኩ በቃኝ አለ ማለት ነው። እዚያ ላይ ይቁም። አንዳንዴ መቅጃው በደንብ ሳይገባ፣ ወይም በኃይል ሲለቀቅ አረፋው ቀዳዳዋን ነክቶት፣ ገና በ10 ሊትሩ ቀጭ ሊል ይችላል። ጌጁና ሂሳቡ ታንኩ ገና እንደሆነ ካሳዩ መቅጃውን አስተካክሎ ቀስ ብሎ መቀጠል ነውር የለውም። የምቃወመው ከሞላ በኋላ የሚደረገውን ነው።

ማደያ የቆመ ሁሉ ያየውን ልናገር። መቅጃው ቀጭ ይላል። ቀጂው ሰሌዳውን ያያል፤ 1,847 ብር ከ35 ሳንቲም። «1,850 ልሙላው?» ይላል። ባለመኪናው ይስማማል። ቀጭ፣ ቀጭ፣ ቀጭ። ሰልፉ የረዘመ ዕለት ደግሞ ባለመኪናው ራሱ ወርዶ መኪናውን በጎን ይወዘውዛል፤ አየሩ ወጥቶ አንድ ሁለት ሊትር እንዲጨምርለት። ነዳጅ በጠፋበት ሳምንት ይህን ያደረገ ሰው ጭንቀቱ ይገባኛል፤ ነገ ማደያው ባዶ ሊሆን ይችላል። የተረፈችው ሊትር ግን ካኒስተሩን ከነካች በኪሳራ ነው የምትመለሰው። የብሩን ቁጥር ሙሉ ማድረግ ደግሞ ድሮ ምክንያት ነበረው፤ መልስ የለም፣ ሳንቲም የለም። ዛሬ ክፍያው በስልክ ሆኗል፤ 1,847 ብር ከ35 ሳንቲሙን ልክ እንዳለ መክፈል ይቻላል። ስለዚህ ቀጂውን በአክብሮት «ወንድሜ፣ ቀጭ ሲል ይበቃኛል» በሉት። ቀጂዋ ሴት ከሆነችም «እህቴ» ብላችሁ እንዲሁ ንገሯት። አይቀየሙም፤ ወረፋውም ይፋጠንላቸዋል።

(አጭር ሙዚቃ)

ከላይኛው ጫፍ ወደ ታችኛው እንውረድ። የነዳጅ ማስጠንቀቂያው መብራት ሲበራ ስንት ቀረ? በዚህ ዓይነት ትናንሽ መኪኖች ላይ በአብዛኛው ከ5 እስከ 7 ሊትር ሲቀር ነው የሚበራው። 6 እንበል። ከዚህ ውስጥ የመጨረሻዎቹን 2 ሊትር እንደሌላችሁ ቁጠሯቸው፤ ዳገት ላይ ቤንዚኑ ወደ አንድ ጎን ሲያጋድል ፖምፓው አየር ይስባል። ሽሮ ሜዳን አልፎ እንጦጦ ሲወጣ መብራት ያበራ መኪና ሞተሩ ሲንገዳገድ ያየ ሰው ይህን ያውቃል። የቀረው 4 ሊትር በከተማ መጨናነቅ 40 ኪሎ ሜትር ቢያስኬዳችሁ ነው።

በመብራት መንዳት የሚጎዳው ግን ሌላ ነገር ነው። የዛሬ መኪኖች የነዳጅ ፖምፓ በኤሌክትሪክ የሚሠራና እታንኩ ውስጥ፣ ቤንዚኑ መሀል የተቀመጠ ነው። ሲሠራ ይግላል፤ የሚያቀዘቅዘው በዙሪያውና በውስጡ የሚያልፈው ቤንዚን ነው። ቤንዚኑ ሲያንስ ፖምፓው ከላይ ራቁቱን ይቀራል፤ ሲግል ሲግል ዕድሜው ያጥራል። የድሮ ካርቡራተር መኪኖች ፖምፓቸው ሞተሩ ላይ ስለነበር ይህ ችግር አልነበረባቸውም። «አባቴ 20 ዓመት በመብራት ሲነዳ ምንም አልሆነም» የሚለው አባባል የሚነሣው ከዚያ ነው፤ መኪናው ሌላ ነበር። «ነዳጅ ሲያልቅ ከታች ያለውን ቆሻሻ ይስባል» የሚባለውም በከፊል ብቻ እውነት ነው፤ ፖምፓው ታንኩ ሞልቶም ሆነ ጎድሎ ሁልጊዜ ከሥር ነው የሚስበው። የ200 እና የ300 ብር እየቀዱ ቀኑን ሙሉ መብራት አብርተው የሚሠሩ የራይድ ሹፌሮች ይህን ልብ ይበሉልኝ። ገቢው በየቀኑ ስለሚመጣ እንዲያ መቅዳት የግድ የሚሆንበት ቀን አለ። ቢያንስ ግን ሩቡ ሳይነካ እንዲቆይ አድርጉ፤ አንድ ቀን አንድ ጊዜ ከፍ አድርጎ ቀድቶ ከዚያ በኋላ በየቀኑ የበሉትን ያህል መተካት ነው። የሚቀዳው ብር ያው ነው፤ ልዩነቱ ፖምፓው በቤንዚን ተሸፍኖ መዋሉ ነው።

«ሙሉ ታንክ ክብደት ስለሚጨምር ነዳጅ ያስበላል» የሚሉ አሉ። 42 ሊትር ቤንዚን 31 ኪሎ ግራም ገደማ ነው፤ ከአንድ ልጅ አይበልጥም። «ቤንዚን ጠዋት ሲቀዳ ይበረክታል» የሚሉም አሉ። የማደያው ጋን ከመሬት በታች የተቀበረ ነው፤ ሙቀቱ ከጠዋት እስከ ማታ እምብዛም አይለወጥም። የእናንተ ታንክ ነው ፀሐይ ላይ የሚውለው። ጠዋት መቅዳት ጥቅሙ ወረፋ ማጠሩ ነው። ይልቅ ቦቴው መጥቶ ነዳጅ እያራገፈ ከሆነ ለጥቂት ጊዜ ብትታገሡ ይሻላል፤ ከጋኑ ሥር የረጋው ዝቃጭና ውሃ ይነሣልና፣ በተለይ በክረምት።

አሁን ቁጥሩ እንዴት ገንዘብ እንደሚያድን ላሳያችሁ። ባለ 42 ሊትር ቪትዝ መብራቱ ገና እንደበራ ማደያ ገባ። 6 ሊትር ያህል ውስጡ አለ። እስከ መጀመሪያው ቀጭ ሊገባ የሚገባው 36 ሊትር ገደማ ነው። ሰሌዳው 35 ወይም 37 ካለ ደህና ነው፤ መሬቱ ያጋደለ ሊሆን ይችላል፣ ጌጁም ፍጹም አይደለም። 41 ወይም 42 ካለ ግን ጥያቄ አለ። ያ ሰው ሊትሩን ሳያይ ብሩን ብቻ ቢከፍል ኖሮ 5 ሊትሩን መቼም አያውቃትም። ሲቀዳ ከመኪናችሁ ወርዳችሁ ሰሌዳው ከዜሮ መነሣቱን እዩ፣ ሊትሩን አንብቡ፣ ደረሰኝ ያዙ። ጥርጣሬው ከተደጋገመ ደረሰኛችሁን ይዛችሁ ለአካባቢያችሁ የንግድ ጽሕፈት ቤት ማመልከት መብታችሁ ነው። ቀጂው ላይ መጮህ ግን አያስፈልግም፤ መለኪያው የተዛባው እሱ ሳያውቅ ሊሆን ይችላል።

ከመቅዳታችሁ በፊት «ቤንዚን» ብላችሁ በአፋችሁ ተናገሩ። የመቅጃው ቀለም ከማደያ ማደያ ሊለያይ ስለሚችል ቀለሙን አትመኑ፤ ጽሑፉን አንብቡ። በቤንዚን መኪና ናፍጣ ከተቀዳ ቁልፉን አትንኩት። ሬዲዮ ለመክፈት እንኳ አታዙሩት፤ ቁልፉ ሲዞር ፖምፓው ናፍጣውን ወደ ሞተሩ ሊገፋው ይችላል። መኪናውን ገፍታችሁ ዳር አስይዙና ታንኩ ይራገፍ። ሞተሩ ካልተነሣ ወጪው ማራገፊያው ብቻ ሆኖ ሊያልቅ ይችላል።

ክዳኑንም አትናቁት። ሲከፈት «ፍስስ» የሚለው ውስጡ ያለው የትነት ግፊት ነው፤ ከመተሐራ ወደ አዲስ አበባ የወጣ መኪና ላይ ይበረታል፣ አየሩ ከላይ ስለሚሳሳ። ቀስ ብላችሁ ክፈቱት። ስትዘጉም ቀጭ ቀጭ እስኪል አጥብቁት። ክዳኑ ጠፍቶ ፌስታልና ጨርቅ የወተፉ መኪኖች በየመንገዱ አያለሁ፤ በዚያ ቀዳዳ ዝናብና አቧራ ይገባል፣ ቤንዚኑም እየተነነ ያልቃል። አዲስ ክዳን ግዙ።

ስለ እሳት ባጭሩ ግን በአጽንዖት። ቤንዚን ከዜሮ በታች 40 ዲግሪ ላይ እንኳ የሚቀጣጠል ትነት ይሰጣል፤ ስለዚህ የማለዳ ብርድ አያድናችሁም። ትነቱ ከአየር ስለሚከብድ መሬት ለመሬት ይሄዳል። ሞተር ይጥፋ፣ ሲጋራ አይለኮስ። ስልኩን በተመለከተ፣ ማደያ ላይ ለተነሡ እሳቶች በተደጋጋሚ የተገኘው ምክንያት ሹራብና ወንበር ሲፋተጉ የሚፈጠረው የኤሌክትሪክ ብልጭታ ነው፤ ቢሆንም ክፍያችሁን ከመቅጃው ራቅ ብላችሁ ፈጽሙ። መሙያው አፍ ላይ እሳት ከተነሣ መቅጃውን አትንቀሉት፤ ሲነቀል ቤንዚኑ እየተረጨ ይቀጣጠላል። ራቁና ቀጂው ማሽኑን እንዲዘጋው ጩኹ።

በጀሪካንና በሃይላንድ የሚሸጠው ቤንዚን ደግሞ ከሁሉ የከፋው ነው። ውሃና ኬሮሲን የተቀላቀለበት ሊሆን ይችላል፤ ቤት ውስጥ ሲቀመጥም ልጅ ውሃ መስሎት ይጠጣዋል። ከአንዱ መኪና ወደ ሌላው በጎማ ቱቦ በአፍ ስቦ ማውጣትም እንዲሁ። በአፍ የተሳበ ቤንዚን ሆድ ውስጥ ከሚያደርሰው ጉዳት ይልቅ ሳንባ ውስጥ ሲገባ የሚያደርሰው ይብሳል፤ ጥቂቷ እንኳ ሳንባን ታቆስላለች። የዋጠ ሰው ካጋጠማችሁ እንዲያስመልሰው አታድርጉ፤ ሲወጣ መልሶ ወደ ሳንባው ይገባል። ወተት መጋትም ለማስመለስ ሊገፋው ስለሚችል ይቅር። በፍጥነት ጤና ጣቢያ አድርሱት። ከመኪና ወደ መኪና ለመቅዳት ከተቸገራችሁ በእጅ የምትጨመቅ የላስቲክ ፖምፓ ግዙ።

የዚህ ሳምንት የቤት ሥራችሁ የሚሆነውን ልናገርና እንሰነባበት። እስከ መጀመሪያው ቀጭ ቅዱና የኪሎ ሜትሩን ቁጥር በስልካችሁ ጻፉት። እንደ ልማዳችሁ ንዱ። ግማሹ ሲያልቅ ወይም ከዚያ በኋላ በተቻለ መጠን እዚያው ማደያ፣ እዚያው መቅጃ ላይ ተመልሳችሁ እስከ መጀመሪያው ቀጭ ሙሉ። የገባው ሊትር የበላው ነው። 378 ኪሎ ሜትር ሄዶ 27 ሊትር ከገባ፣ 378ን ለ27 ስታካፍሉት በሊትር 14 ኪሎ ሜትር ሄዷል። ይህን በየወሩ ብታደርጉት 14 የነበረው 11 ሲሆን የዘጋ የአየር ፊልትሮ፣ የጎደለ የጎማ ነፋስ ወይም የያዘ ፍሬን ሊኖር እንደሚችል ታውቃላችሁ። ሐዋሳ ለመሄድ ያሰባችሁም 275 ኪሎ ሜትር ገደማውን በራሳችሁ ቁጥር አካፍሉት፤ በሊትር 14 ለሚሄድ መኪና ወደ 20 ሊትር ይፈጃል፤ ባለ 42 ሊትሩ ደርሶ ለመመለሻም ይተርፈዋል፣ ሞልታችሁ ከተነሣችሁ፤ መብራቱ ሳይበራ ግን መንገድ ላይ ጨምሩ።

ያገኛችሁትን ቁጥር ከመኪናችሁ ሞዴል ጋር ላኩልን። በሚቀጥለው ሳምንት በዚሁ ሰዓት ስለ አየር ፊልትሮና ስለ ጎማ ነፋስ እንነጋገራለን። እስከዚያው ሰላም ሁኑ።